ብረት የሚያስታውሰው፦ “ሂስተሬሲስ” ስለተባለው ቃልና ስለ ልዩ ልዩ አገልግሎቶቹ

በየሙያው መስክ ከሚነገሩት ቃላት አንዳንዶቹ ከሙያው አጥር ሳይወጡ ዕድሜያቸውን ይጨርሳሉ። ሌሎቹ ደግሞ ከተወለዱበት ሙያ ተነሥተው ወደ ሌላው እየተሻገሩ፣ በደረሱበት ሁሉ አዲስ ሥራ እየያዙ ይኖራሉ። ዛሬ የምንመለከተው “ሂስተሬሲስ” የተባለው ቃል ከሁለተኛው ወገን ነው። ቃሉን በገበያም ሆነ በስብሰባ አዳራሽ ሰምቶ የሚያውቅ ሰው ጥቂት ነው። ይሁንና የኤሌክትሪክ መሐንዲሱ፣ የሳንባ ሐኪሙ፣ የአፈር ተመራማሪው፣ የሐይቅ አጥኚውና የኢኮኖሚ ሊቁ በየጽሑፋቸው ይገለገሉበታል። ከዚህም በላይ ስለ ሥራ አጥ ሠራተኞች ዕጣ በሚካሄደው ክርክር ውስጥ ቃሉ የራሱን ስፍራ ይዞ ይገኛል። ስለሆነም ሠራተኛው ትርጉሙን ለባለሙያዎች ብቻ ትቶ የሚያልፍበት ምክንያት የለም።

ትርጓሜውን ከመጽሐፍ ከመጀመር ይልቅ በየግቢው ከምናየው ነገር መነሣት ይሻላል። በማማ ላይ የተቀመጠ አንድ ሮቶ አለ እንበል። ውኃውን ከታች የሚገፋው ፓምፕ በተንሳፋፊ ማብሪያ ማጥፊያ የሚታዘዝ ነው፤ ውኃው ጎድሎ ወደ ሥር ሲጠጋ ፓምፑ ይነሣል፣ ሮቶው እስከ አፉ ሲሞላ ይቆማል። አሁን አንድ ሰው መጥቶ “ሮቶው ግማሽ ነው፤ ፓምፑ እየሠራ ነው ወይስ ቆሟል?” ብሎ ቢጠይቅ ምን ተብሎ ይመለስለታል? የውኃውን ልክ በማወቅ ብቻ መልስ መስጠት አይቻልም። ውኃው ከሙላቱ እየጎደለ ወደ ግማሽ ወርዶ ከሆነ ፓምፑ ቆሟል፤ ከታች እየሞላ ወደ ግማሽ ደርሶ ከሆነ ፓምፑ በሥራ ላይ ነው። የውኃው ልክ አንድ ሆኖ ሳለ ውጤቱ ሁለት ነው፤ ሁለቱን የሚለያቸው የመጡበት መንገድ ነው። ሂስተሬሲስ ማለት በመሠረቱ ይህ ነው። አንድ ነገር የሚገኝበት ሁኔታ አሁን በሚጫነው ኃይል ብቻ ሳይሆን ባለፈበት ታሪክ ጭምር ሲወሰን፣ የመሄጃውና የመመለሻው መንገድም ሳይገጥም ሲቀር፣ ያ ነገር ሂስተሬሲስ አለው ይባላል።

ቃሉን ወደ ሳይንስ ያስገባው ጄምስ አልፍሬድ ዩዊንግ የተባለ ስኮትላንዳዊ መሐንዲስና የፊዚክስ ሊቅ ነው። እ.ኤ.አ. በ1855 በደንዲ ከተማ የተወለደው ዩዊንግ ከ1878 እስከ 1883 በቶኪዮ ሲያስተምር የምድር መንቀጥቀጥ መመዝገቢያ መሣሪያ ከመሥራቱ ጎን ለጎን የብረትን የማግኔትነት ጠባይ ይመረምር ነበር። በምርመራውም ውጤቱ ከምክንያቱ ኋላ እየቀረ መከተሉን ተመለከተና በ1880ዎቹ መጀመሪያ ላይ ለዚህ ጠባይ ስም አወጣለት። ስሙን የወሰደው “መዘግየት፣ ወደ ኋላ መቅረት፣ መጉደል” ከሚል የግሪክ ቃል ነው። ኤሚል ዋርቡርግ የተባለው ጀርመናዊ ሊቅም በ1881 ተመሳሳይ ውጤት ለብቻው አሳትሟል፤ ስም አውጪው ግን ዩዊንግ ሆነ። በግሪክኛ ቃሉ ጥንታዊ ነው። በማርቆስ ወንጌል ምዕራፍ 12 ስለ ድሃዪቱ መበለት መባ በሚተርከው ክፍል፣ ሴትዮዋ የሰጠችው ከጉድለቷ መሆኑ በግሪክኛው የተነገረው በዚሁ ቃል ነው። “ሂስቴሪያ” ከተባለው የሕክምና ቃል ጋር ግን ሊምታታ አይገባም፤ ያኛው “ማኅፀን” ከሚል ሌላ ቃል የተገኘ ሲሆን በትርጉም አይገናኙም።

አሁን ወደ ብረቱ እንመለስ። ለስላሳ ብረት በሽቦ ጥቅል ውስጥ ተደርጎ በሽቦው ኮረንቲ ሲተላለፍ ብረቱ ማግኔት ይሆናል። ኮረንቲው እየጨመረ ሲሄድ ማግኔትነቱም እየበረታ ሄዶ በመጨረሻ ከዚያ በላይ ሊጨምር ከማይችልበት የጥጋብ ደረጃ ላይ ይደርሳል። እስከዚህ ድረስ እንግዳ ነገር የለም። ኮረንቲው ተመልሶ እየቀነሰ ሲወርድ ግን ብረቱ በመጣበት መንገድ አይመለስም። ኮረንቲው ጨርሶ ከጠፋም በኋላ ከማግኔትነቱ ከፊሉ በብረቱ ላይ ይቀራል። ይህን ቅሪት ለማጥፋት ኮረንቲን በተቃራኒ አቅጣጫ መላክ ግድ ነው። የመሄጃውና የመመለሻው መስመር በወረቀት ላይ ሲነደፉ በሁለት ጫፍ ተጋጥመው ቅጠል የመሰለ ዝግ ቅርጽ ይሠራሉ። የዚህ ቅጠል ስፋት እንዲያው የሥዕል ጉዳይ አይደለም፤ በእያንዳንዱ ዙር በብረቱ ውስጥ ሙቀት ሆኖ የሚባክነው ጉልበት ልክ ነው።

በአገራችን የኤሌክትሪክ መሥመር ኮረንቲው በሴኮንድ 50 ጊዜ ዙሩን ይፈጽማል። እንግዲህ በየሠፈሩ በምሰሶ ላይ በተሰቀለው ትራንስፎርመር ውስጥ ያለው ብረት በሴኮንድ 50 ጊዜ ወዲያና ወዲህ ማግኔት እየሆነ ይመላለሳል ማለት ነው። በየዙሩ ከጉልበቱ ጥቂት ይባክናል። በእኩለ ሌሊት ነዋሪው ሁሉ መብራቱን አጥፍቶ ሲተኛ እንኳ፣ መሥመሩ እስካልተቋረጠ ድረስ ይህ ብክነት አይቆምም። ትራንስፎርመሩ ለማንም ሳይሠራ ይሞቃል።

ይህን ብክነት አስቀድሞ ማስላት ባልተቻለበት ዘመን የሞተርና የትራንስፎርመር ሥራ በግምት የሚካሄድ ነበር። መሐንዲሱ ይነድፋል፣ ሠራተኛው ይሠራል፣ መሣሪያው ከልክ በላይ ከጋለ እንደገና ይነደፋል። ግምቱን በስሌት የተካው ቻርልስ ስታይንሜትዝ ነው። የዚህ ሰው ታሪክ በመሐንዲሶች መጻሕፍት ብዙውን ጊዜ በግማሹ ብቻ ስለሚተረክ ጥቂት ልንቆይበት ይገባል። ስታይንሜትዝ እ.ኤ.አ. በ1865 በብሬስላው፣ በዛሬው የፖላንድ ከተማ ቭሮትስዋፍ ተወለደ። ከልደቱ ጀምሮ ጀርባው የጎበጠ፣ ቁመቱም እጅግ አጭር ነበር። የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለ የሶሻሊስቶች ክበብ አባል ሆነ፤ የቢስማርክ መንግሥት ሶሻሊስቶችን በሚያሳድድበት በዚያ ዘመን በ1888 አገሩን ጥሎ ወደ ዙሪክ ሸሸ፣ በሚቀጥለውም ዓመት በመርከብ ወደ አሜሪካ ተሻገረ። በዮንከርስ ከተማ የኤሌክትሪክ ሞተር በሚሠራ አንድ ፋብሪካ ተቀጥሮ ሳለ ልዩ ልዩ የብረት ዓይነቶችን እየለካ የሂስተሬሲስን ብክነት በቀመር አሰፈረ፤ በ1892ም ለአሜሪካ የኤሌክትሪክ መሐንዲሶች ማኅበር አቀረበው። በቀመሩ መሠረት ብክነቱ የማግኔትነቱን ጥንካሬ የሚከተለው በ1.6 ርቢ ነው። በተራ አነጋገር፣ በብረቱ ላይ የሚጫነው ማግኔትነት 2 እጥፍ ቢሆን ብክነቱ ወደ 3 እጥፍ ይጠጋል።

ስታይንሜትዝ ከዚያ በኋላ በስከኔክታዲ ከተማ በጄኔራል ኤሌክትሪክ ኩባንያ እየሠራ ታላቅ ዝና አተረፈ። እምነቱን ግን አልለወጠም። በ1911 የከተማዋ ሕዝብ ሶሻሊስት ከንቲባ ሲመርጥ እርሱ የትምህርት ቦርዱ ሊቀ መንበር ሆኖ አገልግሏል። በ1922 ለሌኒን ደብዳቤ ጽፎ የሶቪየት አገርን በኤሌክትሪክ ለማዳረስ በተያዘው ዕቅድ በሚችለው ሁሉ ለመርዳት ፈቃደኛ መሆኑን ገልጿል፤ ሌኒንም በዚያው ዓመት በሚያዝያ ወር መልስ ጽፎለታል። በሚቀጥለው ዓመት ስታይንሜትዝ ዐረፈ። በአንድ በኩል የታላቅ ኩባንያ ትርፍ በእርሱ ቀመር ሲያድግ፣ በሌላ በኩል ደራሲው ኩባንያውን የወለደውን ሥርዓት ሲነቅፍ መኖሩ እርስ በርሱ የሚጋጭ ሊመስል ይችላል። እርሱ ግን ኤሌክትሪክ የሰውን ልጅ ከአድካሚ ሥራ ነፃ ያወጣል ብሎ ያምን ስለ ነበር በሁለቱ መካከል ቅራኔ አልታየውም።

ቀመሩ ከተገኘ በኋላ ጥረቱ ቅጠሉን ወደ ማጥበብ ዞረ። በ20ኛው ክፍለ ዘመን መግቢያ ላይ ሮበርት ሃድፊልድ የተባለ እንግሊዛዊ የብረት ሊቅ ከጥቂት በመቶ ሲሊኮን ጋር የተቀላቀለ ብረት ብክነቱን በብዙ እንደሚቀንስ አሳየ፤ የዛሬ ትራንስፎርመሮች የሚሠሩትም ከዚሁ ዘር ከሆነ ሥሥ ሉህ ነው። በአንጻሩ ቅጠሉ በሰፋ መጠን የሚወደድበት ሥራም አለ። የድምፅ ማጉያ ማግኔት አንድ ጊዜ የተሰጠውን ማግኔትነት እንዳይለቅ ይፈለጋል። በየቤቱ ሣጥን ውስጥ የተቀመጠው የድሮ ካሴት ዛሬም ሲከፈት የሚዘፍነው በክሩ ላይ የተለበጠው የብረት ዝገት መሰል ብናኝ ከብዙ ዓመታት በፊት የተጫነበትን ድምፅ በማግኔትነት ይዞ ስለ ቀረ ነው። ሂስተሬሲስ ባይኖር ኖሮ ዘፈኑ ከመቅጃው ጭንቅላት እንደ ራቀ በጠፋ ነበር። አንዱ መሐንዲስ ጠላቱ ያደረገውን ጠባይ ሌላው መሐንዲስ እንጀራው አድርጎታል።

እዚህ ላይ የቃሉ አማርኛ ምን ይሁን የሚለው ጥያቄ ይነሣል። “መዘግየት” ቢባል ከግሪክኛው ጋር ይስማማል፤ ነገር ግን አንባቢውን ያሳስተዋል። የዘገየ ነገር ጊዜ ቢሰጠው ይደርሳል፤ በብረቱ ላይ የቀረው ማግኔትነት ግን ምንም ያህል ቢጠበቅ በራሱ ወደ ባዶው አይመለስም። “ኋላ ቀርነት” የሚለውማ በፖለቲካ ቋንቋ ሌላ ሥራ ስለ ያዘ ለሳይንስ አይለቀቅም፤ ብረትን ኋላ ቀር ብሎ መስደብ ይሆናል። ከግእዙ “ድኅረ” ተነሥቶ “ድኅረት” ቢባል አጭርና ለአፍ የሚመች ነው፤ ሆኖም ስለ መንገዱ ምንም አይናገርም። በዚህ ጸሐፊ አስተያየት የቃሉ ልብ መዘግየቱ ሳይሆን ማስታወሱ ነው። እስኪለመድ ድረስ ግን በባዕድ ስሙ መጥራት ከተሳሳተ ትርጉም ይሻላል።

በቤት ዕቃዎች ዘንድ ሂስተሬሲስ ሆን ተብሎ የሚሠራ ነው። የካውያና የማቀዝቀዣ ሙቀት መቆጣጠሪያ የሚያበራበትና የሚያጠፋበት ልክ አንድ ቢሆን ኖሮ መሣሪያው በአንዲት ነጥብ ላይ ቆሞ በየቅጽበቱ ቋ ቋ እያለ ሞተሩን ባቃጠለ ነበር። ለዚህ ነው በሁለቱ መካከል ክፍተት የሚተወው። የመኪና ጎማም እንዲሁ ነው፤ በየዙሩ ተጨፍልቆ ሲመለስ የተጨፈለቀበትን ጉልበት ሁሉ አይመልስም፣ የቀረው ሙቀት ይሆናል። ነፋሱ የጎደለ ጎማ አብዝቶ ስለሚተጣጠፍ አብዝቶ ይግላል። ከጅቡቲ ወደብ በአፋር ቆላ ጭነት የሚያመላልሱ ሾፌሮች ቃሉን ባይሰሙም ነገሩን በፈነዳ ጎማ ያውቁታል። አፈርም ታሪኩን ይይዛል፦ እየደረቀ የሚሄድ አፈርና እየራሰ የሚመጣ አፈር ውኃውን እኩል አጥብቀው ቢይዙ እንኳ በውስጣቸው ያለው የውኃ መጠን እኩል አይደለም፤ የሚደርቀው የበለጠ ይይዛል።

ሳንባ ላይ ስንደርስ ነገሩ የሕይወት ጉዳይ ይሆናል። ሳንባ በአየር ሲነፋና አየሩን መልሶ ሲለቅ በአንድ ዓይነት ግፊት ላይ የሚይዘው አየር የተለያየ ነው፤ ሲነፋ ትንሽ፣ ሲለቅ ብዙ ይይዛል። ኩርት ፎን ኔርጋርድ የተባለው ሐኪም እ.ኤ.አ. በ1929 ሳንባን አንድ ጊዜ በአየር፣ አንድ ጊዜ በፈሳሽ እየሞላ በማወዳደር፣ ለመንፋት ከሚያስፈልገው ኃይል አብዛኛው በጥቃቅኖቹ የአየር ከረጢቶች እርጥብ ገጽ ላይ ያለውን ውጥረት ለማሸነፍ የሚውል መሆኑን አሳየ። በ1959 ደግሞ ሜሪ ኤለን ኤቨሪና ጂር ሚድ ያለ ጊዜያቸው የተወለዱ ሕፃናት በመተንፈስ ችግር የሚሞቱት ይህን ውጥረት የሚያረግበው ንጥረ ነገር በሳንባቸው ስለሚጎድል መሆኑን አረጋገጡ። የተከደነ ከረጢት መክፈት የተከፈተውን ክፍት አድርጎ ከመጠበቅ እጅግ የበለጠ ኃይል ይጠይቃል። ጤናማ ሕፃን ይህን ዋጋ በመጀመሪያዎቹ ትንፋሾች ይከፍልና ያርፋል፤ ያለ ጊዜው የተወለደው ግን በየትንፋሹ እንደ አዲስ ሲከፍል ይደክማል። በሕፃናት ማዳኛ ክፍሎች ቀላል ግፊት ያለው አየር ያለማቋረጥ በአፍንጫ የሚሰጠውም ሕፃኑ አየር በለቀቀ ቁጥር ሳንባው እንዳይከደን ነው።

ስለ ሐይቆችም የሚነገረው ተመሳሳይ ነው። ጥልቀት የሌለው ሐይቅ ከእርሻና ከከተማ የሚወርድ ማዳበሪያና ፍሳሽ ሲበዛበት ለረጅም ጊዜ ጥርት ብሎ ይቆይና ከአንድ ወሰን በላይ ሲሆን በድንገት ይደፈርሳል። ፍሳሹ ወደ ቀድሞው ልክ ቢመለስ ሐይቁ አብሮ አይመለስም፤ የታች ሣሩ ስለ ጠፋ ጭቃውን የሚይዘው የለም፣ ብርሃንም ወደ ታች አይደርስም፣ ስለዚህም ሣሩ አይበቅልም። ጥራቱ እንዲመለስ ፍሳሹ ሐይቁ ከደፈረሰበት ልክ እጅግ ዝቅ ማለት አለበት። በኔዘርላንድስ የሚገኘው ቬሉዌ ሐይቅ በ1960ዎቹ መጨረሻ ደፍርሶ የታች ሣሩንና ጥራቱን መልሶ ያገኘው በ1990ዎቹ፣ ያውም ፍሳሹ በብዙ ከተቀነሰ በኋላ ነው። በዚህ ረገድ ማርተን ሼፈር የተባለው ኔዘርላንዳዊ ተመራማሪ ከባልደረቦቹ ጋር ብዙ ጽፏል።

የማኅበረሰብ ጥናት ሊቃውንትም ቃሉን ተውሰዋል። ፈረንሳዊው ፒየር ቡርዲዩ በ1950ዎቹ መጨረሻ በአልጄሪያ የነፃነት ጦርነት ወቅት ከመሬታቸው የተፈናቀሉትን ገበሬዎች ሲያጠና፣ ሰዎች በቀድሞ ኑሯቸው የቀሰሙት ልማድ ኑሮው ከጠፋ በኋላም አብሯቸው እንደሚቆይ ተመለከተና ይህን የልማድ ሂስተሬሲስ ብሎ ጠራው። ኅሊና ከኑሮ ኋላ ይቀራል የሚለው ሐሳብ ከቡርዲዩ በፊት የነበረ ነው። በአገራችን የገጠር መሬት የሕዝብ የሆነው የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. በአንድ አዋጅ ነው፤ የባለ ርስትና የጭሰኛ አነጋገር ግን በአንድ ቀን አዋጅ የሚሻር አልነበረም። ይሁን እንጂ እዚህ ላይ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። ያረጀ ልማድ ሁሉ፣ የዘገየ ውጤት ሁሉ፣ ግትርነት ሁሉ ሂስተሬሲስ ከተባለ ቃሉ ሥራ ፈት ይሆናል። ብረቱን የለካው ሰው መሄጃውንም መመለሻውንም ለክቶ በሁለቱ መካከል ያለውን ስፋት አሳይቷል። መመለሻውን ሳይለካ ቃሉን የሚጠራ ጸሐፊ የሳይንስን ካባ ተውሶ ለብሷል ቢባል ሐሰት አይሆንም።

ቃሉ ከሠራተኛው ኑሮ ጋር በቀጥታ የተገናኘው በኢኮኖሚ ሊቃውንት እጅ ነው። ሚልተን ፍሪድማን በ1968 ባሳተመው ጽሑፍ እያንዳንዱ ኢኮኖሚ “ተፈጥሯዊ” የሥራ አጥነት ልክ አለው፣ ከዚያ ቢርቅም ወደዚያው ይመለሳል አለ። ከዚህ ትምህርት የሚከተለው ግልጽ ነው፤ የዋጋ ንረትን ለማብረድ ሲባል ኢኮኖሚው ቢታነቅ ሥራ አጥነቱ ጊዜያዊ ነው፣ ያልፋል። በብሪታንያ ይህ ተሞከረ። በ1980 ወደ 18 በመቶ ደርሶ የነበረው የዋጋ ንረት በ1983 ከ5 በመቶ በታች ወረደ። ሥራ አጥነቱ ግን እንደ ተነገረው አልተመለሰም፤ በ1984 ከ11 በመቶ በላይ ሆኖ ተገኘ፣ በሌሎችም የምዕራብ አውሮፓ አገሮች ከፍ እንዳለ ቆየ። ምክንያቱ ተነሥቶ ሳለ ውጤቱ ቀረ። ኦሊቪየር ብላንሻርና ሎረንስ ሰመርስ በ1986 ባሳተሙት ጥናት ለዚህ የሰጡት ስም ከዩዊንግ ብረት የተወሰደው ይኸው ቃል ነበር።

እዚህ ላይ ግን ቃሉ ወገን ይይዛል። ሥራ አጥነቱ ለምን “ያስታውሳል?” ለሚለው ሁለቱ ሊቃውንት ይበልጥ የተመኩበት ማብራሪያ፣ በሥራ ላይ የቀሩት ሠራተኞች ደመወዝ ሲደራደሩ ለራሳቸው እንጂ በውጭ ለቀሩት አያስቡም የሚል ነው። በሌላ አነጋገር ጥፋቱ ወደ ሠራተኛ ማኅበራት በር ይገፋል። የተባረረው ሠራተኛ በቤት በቆየ ቁጥር ሙያው ይዝጋል፣ ቀጣሪም ረጅም ሥራ አጥነትን እንደ ነውር ይቆጥርበታል የሚለው ሁለተኛው ማብራሪያ ነው። የተዘጋው ፋብሪካ መሣሪያ ተነቅሎ በቁራጭ ብረት ዋጋ ከተሸጠ፣ ፍላጎት ቢመለስም የሚመለሱበት የሥራ ቦታ የለም የሚለው ሦስተኛው ግን ብዙ ጊዜ በለሆሳስ ይነገራል። በዚህ ጸሐፊ ግምት ከሦስቱ ትልቁን ክብደት ሊያገኝ የሚገባው ይህ የመጨረሻው ነው፤ ፋብሪካን የሚዘጋው በድርድር ጠረጴዛው ዙሪያ የተቀመጠው ሠራተኛ አይደለምና።

ከ2008 የገንዘብ ቀውስ በኋላ ክርክሩ እንደገና ተነሣ። በግሪክ ሥራ አጥነት በ2008 ከ8 በመቶ በታች ነበር። ቀውሱና የተከተለው የቁጠባ ፖሊሲ በ2013 ከ27 በመቶ በላይ አደረሱት። በ2019፣ ማለትም ከአሥር ዓመት በላይ ቆይቶ፣ ገና ወደ 17 በመቶ ገደማ ነበር። ሲወጣ አምስት ዓመት የፈጀበት መንገድ ሲወርድ በስድስት ዓመት እንኳ አላለቀም።

በ2020 ወረርሽኙ ሲመጣ ጀርመን በሌላ መንገድ ሄደች። ኩርትዝአርባይት በተባለው የቆየ ሥርዓት መሠረት ሥራ የቀነሰበት ድርጅት ሠራተኛውን ከማሰናበት ይልቅ ሰዓቱን ያሳጥራል፤ በቀረው ሰዓት ከሚያጣው የተጣራ ደመወዝ በመደበኛው 60 በመቶውን፣ ልጆች ላሉት 67 በመቶውን ከሕዝብ ካዝና ያገኛል። በዚያ ዓመት በሚያዝያ ወር ወደ 6 ሚሊዮን የሚጠጉ ሠራተኞች በዚህ ሥርዓት ሥር ነበሩ። ወጪው ከባድ ነበር፤ የማይድኑ ድርጅቶችን ያስታምማል ብለው የነቀፉትም ነበሩ። ነገር ግን የሥራ አጡ ቁጥር እንደ ተፈራው አላሻቀበም። ወረርሽኙ ጋብ ሲል ከእነዚህ ሠራተኞች አብዛኞቹ አዲስ ቅጥርና አዲስ ሥልጠና ሳያስፈልጋቸው በዚያው ማሽን አጠገብ ወደ ሙሉ ሰዓታቸው ተመለሱ።